ሰባት ድምፆች በአንድ መድረክ
የስላይ ስቶን የሙዚቃ ቡድን አነሣሥና አወዳደቅ

የአንድ የሙዚቃ ቡድን መልእክት በዘፈኖቹ ግጥም ውስጥ ብቻ የሚገኝ አይደለም። ማን ከማን ጎን ቆሞ እንደሚጫወት፣ መሪው ድምፅ የማን እንደሆነ፣ መሣሪያዎቹም ተራቸውን እንዴት እንደሚቀባበሉ ራሱን የቻለ ንግግር ነው። እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ከ1966 እስከ 1975 በአሜሪካ የሙዚቃ መድረክ የቆየው ‹‹ስላይ ኤንድ ዘ ፋሚሊ ስቶን›› ይህን እውነት በአነሣሡም በአወዳደቁም ያስረዳል።

የቡድኑ መሥራች ሲልቬስተር ስቱዋርት፣ በኋላ ስሙ ስላይ ስቶን፣ በ1943 በቴክሳስ ግዛት በዴንተን ከተማ ተወለደ። ቤተሰቡ ወደ ካሊፎርኒያ ተሻግሮ በቫሌሆ ከተማ ሲኖር፣ እርሱና ወንድም እኅቶቹ በጴንጤቆስጤ ቤተ ክርስቲያን እየዘመሩ አደጉ፤ በ1952 መዝሙር በሸክላ አስቀረጹ። መሪው ሲያወጣ ጉባኤው የሚቀበልበት ያ የአዘማመር ልማድ ዕድሜ ልኩን አልተለየውም። በ1960ዎቹ አጋማሽ በሳን ፍራንሲስኮ አካባቢ ለጥቁር አድማጮች በተቋቋመ የራዲዮ ጣቢያ የሙዚቃ አቅራቢ ሆነ። የጥቁርና የነጭ ሙዚቃ በየጣቢያው ተለያይቶ በሚሰማበት በዚያ ዘመን፣ ከሶል ዘፈኖች ጋር የቢትልስንና የቦብ ዲለንን ሸክላዎች እያፈራረቀ ያሰማ ነበር።

ቡድኑ በ1966 ሲመሠረት አወቃቀሩ ያልተለመደ ነበር። ስላይ በኦርጋንና በድምፅ፣ ወንድሙ ፍሬዲ በጊታር፣ ላሪ ግሬም በቤዝ ጊታር፣ ሲንቲያ ሮቢንሰን በትራምፔት፣ ጄሪ ማርቲኒ በሳክስፎን፣ ግሬግ ኤሪኮ በድራም ተሰለፉ፤ ብዙም ሳይቆይ የስላይ እኅት ሮዝ በፒያኖና በድምፅ ሰባተኛ ሆና ተጨመረች። ማርቲኒና ኤሪኮ ነጮች፣ የቀሩት ጥቁሮች ናቸው። ሴቶቹም ለማጀብ ወይም ለማሳመር የቆሙ ሳይሆኑ መሣሪያ ይዘው የሚጫወቱ ባለሙያዎች ነበሩ። በዚያን ጊዜ በ16 የአሜሪካ ግዛቶች የጥቁርና የነጭ ጋብቻ በሕግ የተከለከለ ሲሆን፣ ክልከላውን ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ የሻረው በሰኔ 1967 ነው። ስለዚህ ሰባቱ አንድ ላይ መድረክ መውጣታቸው ዘፈኑ ከመጀመሩ በፊት የሚሰማ ቃል ነበር።

‹‹ሳይኪደሊክ ሶል›› የተባለው ስልት ከሁለት ምንጮች የተቀዳ ነው። አንደኛው ከጥቁር አሜሪካውያን መዝሙርና ከሪትም ኤንድ ብሉዝ የተወለደው የሶል ዘፈን ነው፤ ሁለተኛው የኤሌክትሪክ ጊታርን ድምፅ እያሻከረና እያስተጋባ በሳን ፍራንሲስኮ ወጣቶች ዘንድ የተስፋፋው ሮክ ነው። የቡድኑ የመጀመሪያ አልበም በ1967 ወጥቶ ገበያ አጣ። በ1968 የወጣው ‹‹ዳንስ ቱ ዘ ሚውዚክ›› ግን ስማቸውን አስጠራ። አንድ ድምፃዊ ከፊት ቆሞ የቀሩት ከኋላ ማጀባቸው በተለመደበት ጊዜ፣ በዚህ ዘፈን ድራሙ፣ ጊታሩ፣ ቤዙና ኦርጋኑ ለአድማጭ እየተዋወቁ በየተራ ይገባሉ፤ ዘፋኞቹም ስንኙን ይቀባበላሉ። በዚያው ዓመት የዲትሮይቶቹ ቴምፕቴሽንስ ‹‹ክላውድ ናይን›› በተባለው ዘፈናቸው ይህንኑ መንገድ ተከተሉ።

የላሪ ግሬም አጨዋወት ልዩ መታሰቢያ ይገባዋል። ቀድሞ ከፒያኖ ተጫዋች እናቱ ጋር ያለ ድራም ሲሠራ፣ የጎደለውን ምት ለመሙላት የቤዙን ክር በአውራ ጣቱ መምታት፣ በሌላው ጣቱ መንጠቅ ጀመረ። ይህ ከችግር የተወለደ ዘዴ በ1970 አንደኛ ደረጃ በያዘው ‹‹ታንክ ዩ›› ዘፈን ጎልቶ ተሰማ፤ ለፈንክ ሙዚቃም መሠረት ሆነ።

የቡድኑ ከፍታ 1969 ነበር። ስለ ሰዎች እኩልነት የሚናገረው ‹‹ኤቭሪዴይ ፒፕል›› በዚያ ዓመት መጀመሪያ አንደኛ ሆነ፤ ‹‹ስታንድ!›› የተባለው አልበም ተከተለ። በበጋው በኒው ዮርክ በሃርለም የባህል ፌስቲቫል በአመዛኙ ጥቁር ለሆነ ሕዝብ፣ በነሐሴም በውድስቶክ በአብዛኛው ነጭ ለሆኑ በመቶ ሺሕ ለሚቆጠሩ ወጣቶች ተጫወቱ። በውድስቶክ ሊነጋ ሲል ስላይ እያወጣ ሕዝቡ ሲቀበል፣ የልጅነቱ ቤተ ክርስቲያን ሥርዓት በሜዳው ላይ ተደገመ።

ውድቀቱም የጀመረው ከዚያው ከፍታ ላይ ነው። ስላይ በኮኬይን ተያዘ፤ ወደ መድረክ መዘግየትና ጨርሶ መቅረት አበዛ። በሐምሌ 1970 በቺካጎ ቡድኑ ገና መጫወት ሳይጀምር የተሰበሰበው ሕዝብ ከፖሊስ ጋር ተጋጨ። በኅዳር 1971 የወጣው ‹‹ዜርስ ኤ ራየት ጎዪን ኦን›› አልበም ይህን ጊዜ በአሠራሩ ይመሰክራል። ስላይ ብዙዎቹን መሣሪያዎች ብቻውን እየደራረበ ቀረጸ፤ ኤሪኮ ቡድኑን ለቆ በመሄዱ የድራሙን ቦታ በአብዛኛው ማሽን ያዘ፤ ክሩ ደጋግሞ ስለ ተቀረጸበት ድምፁ ደብዝዟል። የአልበሙን ስም የተሸከመው ዘፈን ርዝመት ዜሮ ተብሎ ተመዝግቧል፤ አንዳች ድምፅ የለውም። ሆኖም አልበሙ አንደኛ ሆነ፤ ዛሬም ከዘመኑ ታላላቅ ሥራዎች ይቆጠራል። የሰባቱን ደስታ የዘፈነ ሰው የብቸኝነትን እውነትም ሳይሸሽግ አሰምቷል። ግሬም በ1972 ተለየ። በጥር 1975 በኒው ዮርክ ሬዲዮ ሲቲ አዳራሽ አብዛኛው ወንበር ባዶ ሆኖ ከታየ በኋላ ቡድኑ ተበተነ።

ሥራቸው ግን አልተበተነም። ኸርቢ ሀንኮክ በ1973 ‹‹ስላይ›› ብሎ የሰየመውን ሙዚቃ ደረሰ፤ ጃኔት ጃክሰን በ1989 ‹‹ሪዝም ኔሽን›› ለተባለው ዘፈኗ የ‹‹ታንክ ዩ››ን ጊታር ተጠቀመች። ለሃምሳ ዓመት ያህል ተቀምጦ የኖረው የሃርለም ፊልም በ2021 ለሕዝብ ታየ። ሲንቲያ ሮቢንሰን በ2015፣ ስላይ ስቶን በሰኔ 2025 በ82 ዓመቱ ዐረፉ። ፊልሙን ያየ ሁሉ እንደሚመሰክረው፣ በሃርለም መድረክ ሲንቲያ ትራምፔቷን ስታነሣ፣ ነጩ ኤሪኮም ድራሙን ሲመታ፣ ሕዝቡ መጀመሪያ በመገረም ተመለከተ፤ ከዚያም አብሮ ጨፈረ።