ስም ሳይጠያየቁ

ተማሪ ሳለሁ ማታ ማታ በምናነብበት አዳራሽ ሁልጊዜ ፊት ለፊቴ የሚቀመጥ አንድ ልጅ ነበር። መነጽሩ ወፍራም ነው። ገጽ በገለጠ ቁጥር ጣቱን በምራቁ ያርሳል። አንድ ሙሉ መንፈቅ እንደዚያ ፊት ለፊት ተቀምጠን ስንከርም ስሙን ጠይቄው አላውቅም፤ እሱም እንደዚያው። አንድ ምሽት መብራት ድርግም አለ። እንደ ወትሮው ቢሆን ሁሉም ደብተሩን ሰብስቦ እየተደናበረ ይወጣ ነበር። ያን ዕለት ግን ውጭ ዶፍ ይጥል ስለነበር የተነሳ የለም። ታዲያ በዚያ ድቅድቅ ጨለማ ውስጥ «እስኪ አሁን ምን እያነበብክ ነበር?» አለኝ። ነገርኩት። ከጎናችን የነበረች ልጅ ገባችበት፤ ከወዲያኛው ጠረጴዛ ሌላው ቀጠለ። ግማሽ ሰዓት ያህል ፊት ለፊት ሳንተያይ ስናወጋ ቆየን። መብራቱ ሲመጣ ግን ሁላችንም እንዳፈረ ሰው ዝም ብለን ወደየመጽሐፋችን አቀረቀርን። እስከ ዛሬም ስሙን አላውቀውም።

ይህን የቆየ ነገር የቀሰቀሰብኝ አንድ የጀርመን ፊልም ነው። ቪም ቬንደርስ በ1987 ያወጣው ሲሆን፣ ርዕሱ በጀርመንኛ «ሰማይ በበርሊን ላይ» እንደማለት ነው። በእንግሊዝኛ ተናጋሪው ዓለም ደግሞ «የምኞት ክንፎች» በሚል ይታወቃል። (በነገራችን ላይ፣ እዚህ የምጠራቸው ዓመታት በሙሉ እንደ ፈረንጆቹ አቆጣጠር ናቸው።)

ፊልሙ ከተለመደው ወጣ ያለ ነው። ሲጀመር የተሟላ ስክሪፕት እንኳ አልነበረውም፤ ደራሲው ፔተር ሃንድከ አንዳንድ ንግግሮችን ጽፎ ይሰጣል፣ ቬንደርስ ሌላውን እየቀረጸ ይሞላል። ዳሚኤልና ካሲኤል የሚባሉ ሁለት መላእክት ረጅም ካፖርት ለብሰው ለሁለት በተከፈለችው በርሊን ይዘዋወራሉ። ከሕፃናት በቀር የሚያያቸው የለም። እነሱ ግን ሰው በልቡ የሚያስበውን ሁሉ ይሰማሉ። ዓለም በመላእክቱ ዓይን ስትታይ ጥቁርና ነጭ ናት፤ በሰው ዓይን ስትታይ ቀለም ታወጣለች። ያን ለስላሳ ጥቁርና ነጭ ያመጣው አንሪ አለካን የተባለ ፈረንሳዊ ሽማግሌ ነው፤ የአያቱን የሐር ካልሲ ካሜራው ላይ ወጥሮ እንዳነሳው ይነገራል። ሙያ በልብ ነው!

እነዚህ መላእክት ቤታቸው የት ይመስላችኋል? ቤተ ክርስቲያን አይደለም። ቤተ መጻሕፍት ነው። ካሜራው ሰፊው የንባብ አዳራሽ ውስጥ ይገባና ቀስ እያለ በአንባቢዎቹ ጀርባ ያልፋል። አፉን የከፈተ ሰው የለም፤ ነገር ግን የሁሉም ሐሳብ በሹክሹክታ ይሰማል። የአብነት ተማሪ ቤት ደጃፍ ያለፈ ሰው ነገሩ ቶሎ ይገባዋል። አንዱ ዳዊት፣ አንዱ ድጓ፣ ሌላው ቅኔውን ይላል፤ ቀርበው ሲሰሙት የየራሱ ነው፣ ከሩቅ ግን አንድ ዜማ ይሆናል። የበርሊኑም እንደዚያ ነው። መልአኩ ከአንዱ ጎን ይቀመጣል፣ የሌላውን ትከሻ ዳሰስ ያደርጋል፣ ያልፋል። የማይተዋወቁ ሰዎች ሳያውቁት ይገናኛሉ።

ከሹክሹክታው መካከል ጆሮውን ለጣለ ሰው አንድ ስም ይሰማል፤ ዋልተር ቤንያሚን። አንዲት አንባቢ፣ ቤንያሚን በ1921 የሠዓሊ ፓውል ክሌን አንድ የመልአክ ሥዕል መግዛቱን በልቧ ታነባለች። ቤንያሚን የበርሊን ልጅ ነው። አይሁዳዊ በመሆኑ ናዚዎች ሥልጣን ሲይዙ ተሰደደ። በ1940 ከፓሪስ ሲሸሽ ወረቀቶቹን ጆርጅ ባታይ ለተባለ የቤተ መጻሕፍት ሠራተኛ አደራ ሰጠ፤ ባታይም በፓሪሱ ብሔራዊ ቤተ መጻሕፍት ውስጥ ሸሸገለት። ባለቤቱ በዚያው ዓመት የስፔን ጠረፍ ላይ ሕይወቱን በገዛ እጁ አጠፋ። ወረቀቶቹ ተረፉ። ሰውን መደበቅ ያልቻለ ዓለም ወረቀቱን ደበቀ።

ሌላም ሰው አለ፤ ደረጃውን ቀስ ብሎ የሚወጣ ሽማግሌ። ይህ ሽማግሌ የኦገስት ዛንደርን የፎቶግራፍ መጽሐፍ ያገላብጣል። ዛንደር ገበሬውን፣ ጋጋሪውን፣ ሥራ ፈቱን፣ ባለሀብቱን ሳያበላልጥ ያነሳ ሰው ነው፤ የመጽሐፉን ማተሚያ ናዚዎች በ1936 አውድመውበታል። ከዚያ ሽማግሌው ይወጣና ከግንቡ አጠገብ ባለው ባዶ ሜዳ ላይ እየተንከራተተ ፖትስዳመር አደባባይን ይፈልጋል። ካፌው የት ሄደ? ትራሙስ? ሱቁስ? የለም። አረም፣ ጭቃና ግንብ ብቻ። ደክሞት ሰው የጣለው አሮጌ ወንበር ላይ ቁጭ ይላል።

ይህን ሽማግሌ ሆኖ የሠራው ኩርት ቧ ይባላል። በ1901 በርሊን ተወለደ። አይሁዳዊ ነበርና በ1934 አገሩን ጥሎ ወጣ። «ካዛብላንካ» የሚባለውን የ1942 ፊልም ያየ ሰው ያስታውሰው ይሆናል፤ «ኪሳችሁን ጠብቁ» እያለ የሚመክረው ኪስ አውላቂ እሱ ነው። በ1950 ወደ በርሊን ተመለሰ። እንግዲህ ያ አደባባይ ጠፍቶበት ሲፈልግ፣ ያን ያህል ትወና አላስፈለገውም ብል ማጋነን አይሆንብኝም።

ነገሩ ግን ከፊልሙ ይሰፋል። መላእክቱ የሚኖሩበት ቤተ መጻሕፍት ራሱ የተሰነጠቀ ነበር።

ታሪኩ እንዲህ ነው። የበርሊን መንግሥታዊ ቤተ መጻሕፍት የተመሠረተው በ1661 ነው። ከሁለተኛው የዓለም ጦርነት በፊት ወደ 3 ሚሊዮን የሚጠጉ መጻሕፍት ነበሩት። እኛም እዚያ ውስጥ አለንበት፤ የግዕዝ ብራናዎች ነበሩትና ታላቁ የግዕዝ ሊቅ አውጉስት ዲልማን በ1878 ዝርዝራቸውን አሳትሟል። የቦምብ ድብደባው ሲበረታ መጻሕፍቱ እየተጫኑ ወደ ገዳማት፣ ወደ ቤተ መንግሥቶችና ወደ ማዕድን ጉድጓዶች ተበተኑ፤ 30 ገደማ ቦታዎች ማለት ነው። የምሥራቅ ቋንቋዎች ብራናዎችም ከተበተኑት መካከል ነበሩ። ጦርነቱ ሲያበቃ ዕጣቸውን የወሰነው የተደበቁበት ጉድጓድ በማን ግዛት ስር መውደቁ ነበር። ሶቪየቶች ጋ የወደቀው ምሥራቅ ቀረ። አሜሪካኖች ጋ የወደቀው ምዕራብ ሄደ። አዲሲቱ ፖላንድ ውስጥ የወደቀው ደግሞ ክራኮቭ ገባ። ተከታታይ ቅጽ ያለው መጽሐፍ አንደኛው ወዲህ፣ ሁለተኛው ወዲያ የሆነበት ጊዜ ነበር።

በነሐሴ 1961 ግንቡ ሲቆም መለያየቱ በሲሚንቶ ጸና። ምሥራቆቹ በ1914 የተመረቀውን የኡንተር ደን ሊንደን ጎዳናውን ሕንጻ ይዘው ቀሩ። ምዕራቦቹ ሃንስ ሻሩን የተባለውን አርክቴክት አስነድፈው ከግንቡ አቅራቢያ አዲስ ሠሩ፤ ሻሩን ሳያየው በ1972 ሞተ፣ ሕንጻው በ1978 ተከፈተ። ቬንደርስ መላእክቱን ያስገባው እዚህ ነው። አንድ ቤተ መጻሕፍት፣ ሁለት ቤት፣ መካከሉ ግንብ። በአንዱ ቤት ያለ አንባቢ የሌላውን ቤት መጽሐፍ ተነስቶ ሄዶ ማየት አይችልም። የምሥራቅ ጀርመን ባለሥልጣናት ለቬንደርስ በግንቡ ላይ እንዲቀርጽ አልፈቀዱለትም፤ በግንብ ውስጥ የሚያልፉ መላእክት አሉበት ሲባል ማን ይፈቅዳል? ስለዚህ የሐሰት ግንብ አሠርቶ ቀረጸ። እውነተኛው ግንብ ከፊልሙ በኋላ የቆየው ሁለት ዓመት ብቻ ነው።

ከሁሉ የሚገርመኝ የቤትሆቨን ነገር ነው። ዘጠነኛው ሲምፎኒ፣ ያ ሰዎች ሁሉ ወንድማማቾች ይሆናሉ የሚል መዝሙር ያለበት፣ ቤትሆቨን በእጁ የጻፈው ቅጂ የዚህ ቤተ መጻሕፍት ንብረት ነው። በጦርነቱ ጊዜ እሱም ተከፋፈለ። ከፊሉ ምሥራቅ፣ ከፊሉ ምዕራብ፤ ፖላንድ የነበረውንም ክፍል ፖላንዶች በ1977 ለምሥራቅ ጀርመን አስረከቡ። ግንቡ በኅዳር 1989 ፈረሰ። በዚያው ዓመት ገና ሊዮናርድ በርንስታይን በሁለቱም በርሊን ይህንኑ ሲምፎኒ መራ፤ ዓለም በቴሌቪዥን እያየ አለቀሰ። መዝሙሩ የተጻፈበት ወረቀት ግን በዚያን ጊዜ እንኳ ግማሹ ወዲህ፣ ግማሹ ወዲያ ነበር! ሁለቱ ቤተ መጻሕፍት በሕግ አንድ የሆኑት በ1992 ነው፤ የወረቀቱ መገናኘት ደግሞ ከዚያም ዘገየ። ግንብ በመዶሻ በአንድ ሌሊት ይናዳል። የተበተነ መጽሐፍ ግን በመዶሻ አይሰበሰብም፤ አንድ ሰው ተቀምጦ አንድ በአንድ እየቆጠረ፣ ይህ ከዚያ ጋር ነው እያለ ማገጣጠም አለበት።

ክራኮቭ የገባው ብዙው ክፍል እስከ ዛሬ እዚያው አለ። ጀርመኖች ቢጠይቁም ፖላንዶች ደግሞ የራሳቸው መልስ አላቸው፤ በ1944 ዋርሶ ላይ የክራሺንስኪን ቤተ መጻሕፍት ሆን ብሎ ያቃጠለው የጀርመን ጦር ነው። የወጋ ቢረሳ የተወጋ አይረሳም።

ማቃጠሉም ቢሆን ዋርሶ ላይ አልተጀመረም። ግንቦት 10 ቀን 1933 ምሽት፣ በዚያው በኡንተር ደን ሊንደን፣ ከዚያው ቤተ መጻሕፍት አጠገብ ባለው አደባባይ፣ 20,000 ያህል መጻሕፍት ተከምረው ተቃጠሉ። ያቃጠለው መሃይም አይደለም። የዩኒቨርሲቲ ተማሪ ነው፤ መምህራንም አብረው ነበሩ። ቀን አንባቢ፣ ማታ አቃጣይ። ይህን ሳስብ ቤተ መጻሕፍት ያለበት አገር ሁሉ ደህና ነው የምንለው ነገር ያጠራጥረኛል። ዋናው የመጽሐፉ መኖር አይደለም፤ ፊት ለፊትህ የተቀመጠውን ሰው ማንነቱን ሳትጠይቅ እንዲያነብ መተው ነው። በ1933 የተጀመረው ጥያቄ «ምን ታነባለህ?» ነበር፤ ብዙም ሳይቆይ «አንተስ ማነህ? አባትህስ?» ሆነ። ቤንያሚንንም፣ ኩርት ቧንም ከበርሊን ያስወጣቸው ይኸው ጥያቄ ነው። ጥያቄው የጀርመን ብቻ እንዳልሆነ ደግሞ እኛም አናጣውም።

እዚህ ላይ ያ ባለመነጽር ልጅ ትዝ ይለኛል። እሱም በጨለማ የጠየቀኝ ያንኑ ነበር፦ ምን እያነበብክ ነበር? ቃሉ አንድ ነው፤ ልዩነቱ ጠያቂው ክብሪት መያዝ አለመያዙ ላይ ነው።

ፖትስዳመር አደባባይ ዛሬ በመስታወት ፎቆች ተሞልቷል። ሽማግሌው አደባባዩን የፈለገበት ያ ባዶ ሜዳም በተራው ጠፍቷል። አሁን ያን ባዶነት ማየት የሚፈልግ ሰው የሚያገኘው ፊልሙ ውስጥ ነው፤ ፊልሙ ራሱ ቤተ መጻሕፍት ሆነ ማለት ነው።

መጻሕፍቱ የተቃጠሉበት አደባባይ ግን ባዶነቱን ይዞ እንዲቆይ ተደርጓል። እስራኤላዊው ቀራጺ ሚካ ኡልማን በ1995 ከድንጋዩ ንጣፍ በታች ነጭ ክፍል ሠራ። ግድግዳው ከላይ እስከ ታች መደርደሪያ ነው፤ 20,000 መጽሐፍ የሚይዝ። መጽሐፍ ግን የለበትም፣ በርም የለውም። ከላይ በመሬቱ ላይ በተገጠመው መስታወት ብቻ ይታያል። ቀን ላይ መስታወቱ ሰማዩን ያንጸባርቅና ሰው ሳያየው ሊያልፍ ይችላል። ሲመሽ ግን ከታች ያለው መብራት ይጎላል።

እናም ማታ ማታ ከየአገሩ የመጡ፣ የማይተዋወቁ ሰዎች በዚያ መስታወት ዙሪያ ቆመው ያቀረቅራሉ። ልክ እንደ አንባቢ። ብርሃኑ ከታች ወደ ላይ ፊታቸውን ያበራዋል። የሚነበብ ነገር የለም። ከመካከላቸው አንዱ ቀና ብሎ ፊት ለፊቱ ያለውን ሰው፣ ስሙን ሳይጠይቅ፣ ወሬ ቢጀምረው አይገርመኝም።