የኮሌጅ ቀን፦ ሩጫው፣ ግጥሙና የኛ ወሎ

ዩኒቨርሲቲዎቻችን ስለ ስታዲየማቸው ሲያወሩ «ሁለገብ» የምትለዋን ቃል አይረሷትም። ኳስም፣ ሩጫም፣ ምረቃም፣ ኮንሰርትም ይካሄድበታል ለማለት ነው። ይሁን። እኛ ግን በአገራችን የዩኒቨርሲቲ ታሪክ ከሁሉም ሁለገብ የነበረው ሜዳ የቱ ነው ብትሉን፣ አራት ኪሎ የነበረው የአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ ኮሌጅ ሜዳ ነው እንላለን።

ኮሌጁ በዓመት አንዴ «የኮሌጅ ቀን» የሚባል በዓል ነበረው። ነገሩ የስፖርት ቀን ነው፤ ተማሪዎች ይወዳደራሉ፣ ይቀልዳሉ፣ እንግዶች ይጋበዛሉ፣ ጃንሆይም ይገኛሉ። ከስፖርቱ ጎን ደግሞ የግጥም ውድድር አለ። ታሪክ የሠራው እሱ ነው።

ታኅሣሥ 1953 የነ ጄኔራል መንግሥቱ ንዋይ መፈንቅለ መንግሥት ሲሞከር ተማሪዎቹ ደግፈው ሰልፍ ወጥተው ነበር። ሙከራው ከሸፈ። ሰው ሁሉ ድምፁን ባጠፋበት በዚያው ዓመት ግን፣ በኮሌጅ ቀን፣ ታምሩ ፈይሳ የተባለ ተማሪ «ደሃው ይናገራል» የሚል ግጥም አነበበ። ርእሱን ልብ በሉት፤ ስለ ደሃው የሚያወራ ሌላ ሰው የለም፣ ራሱ ደሃው ነው የሚናገረው።

እዚህ ሰቆጣ ይህ ብዙ አያስደንቅም። ነሐሴ አጋማሽ ሻደይ ሲመጣ እኛ ሴቶቹ ወገባችንን በሻደይ ቅጠል አስረን አደባባይ እንወጣለን፤ በዘፈን የፈለግነውን እናወድሳለን፣ የፈለግነውን እንሸነቁጣለን። በዓል ላይ የተባለ ነገር ይታለፋል። ኮሌጁ ላይ ግን አልታለፈም። የሚቀጥለው ዓመት ግጥም ከረር አለ፤ በ1954 ደግሞ የአዳሪነት ሥርዓቱ ቀረና ተማሪው በየሰፈሩ ተበተነ። ሁለቱን አለማያያዝ ይከብደናል። የአዲስ አበባ ልጅስ እሺ ቤቱ ይገባል፤ ከዋግ የሄደው አራት ኪሎ ላይ ዘመድ ከየት ያመጣል?

በዚሁ በ1954 ኮሌጁ የቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ዩኒቨርሲቲ አካል ሆነ፤ ጃንሆይም ስድስት ኪሎ ያለውን የገነተ ልዑል ቤተ መንግሥት ሰጡት። ያ ግቢ ከዚያ በኋላ ያላየው የለም። የካቲት 18 ቀን 1957 «መሬት ለአራሹ» ብለው ተማሪዎቹ ወደ ፓርላማ ተመሙ። ታኅሣሥ 1962 የተማሪዎቹ መሪ ጥላሁን ግዛው ተገደለ፤ በማግስቱ አስከሬኑን ይዘው ባለቀሱበት ግቢ ውስጥ የክብር ዘበኛ ተኮሰባቸው።

እኛን ይበልጥ የሚነካን ግን የ1965ቱ ነው። ወሎ ተርቦ ነበር፤ ዋግ ያኔ ከወሎ አውራጃዎች አንዱ ነው። መንግሥት ረሃቡን አፍኖ ይዞታል። የዩኒቨርሲቲው መምህራን፣ ፕሮፌሰር መስፍን ወልደ ማርያም አንዱ ናቸው፣ ወሎ ድረስ ሄደው ያዩትን ፎቶ አንስተው ተመለሱና ግቢው ውስጥ አሳዩት። አሥራ ሁለት ዓመት ቀደም ብሎ በግጥም የተናገረው ደሃ አሁን ፊቱ ታየ ማለት ነው፤ ያውም የኛው የወሎ ሰው።

ከዚያ ጆናታን ዲምብልቢ የተባለ እንግሊዛዊ ጋዜጠኛ መጥቶ ረሃቡን በፊልም ቀረጸ። መስከረም 1 ቀን 1967፣ በአዲስ ዓመት ምሽት፣ ደርግ ፊልሙን ከቤተ መንግሥት ግብዣዎች ጋር እያፈራረቀ በቴሌቪዥን አሳየው። በማግስቱ ጃንሆይን በቮልስዋገን ይዘዋቸው ሄዱ።