ኮሶ አውሮፓ ሲገባ

ከጅቡቲ ከተማ በጀልባ የምንሻገርላት ታጁራ ድሮ የሸዋ ነጋዴ በር ነበረች። በ1839 እ.ኤ.አ. ሮሼ ዴሪኩር የሚባል ፈረንሳዊ ከዚያ ተነሥቶ፣ የአፋርን በረሃ አቋርጦ፣ ንጉሥ ሣህለ ሥላሴ ዘንድ ደረሰ። በ1843 ስለተፈረመው ውል ብዙ ተጽፏል። እኔን የሚገርመኝ ግን ሰውየው በኋላ ወደ አውሮፓ የወሰደው ኮሶ ነው።

ጥሬ ሥጋ ወዳድ አገር ኮሶን ያውቀዋል። ትሉን እንኳ በመድኃኒቱ ስም «የኮሶ ትል» እንለዋለን። ትሉ አውሮፓንም ያስቸግር ነበር። ብሬዬ የተባለ ፈረንሳዊ ሐኪም ኢስታንቡል ሳለ የአበባውን ወሬ ሰምቶ ጻፈ፤ ሊቃውንትም ዛፉን በእርሱ ስም «ብሬዬራ» አሉት። ዛሬ የሚጠራበት «ሃጌኒያ» ደግሞ ከጀርመናዊ መድኃኒት ቀማሚ ስም የመጣ ነው። ሲያጠጡ ለኖሩት እናቶቻችን ስም የሰጠ የለም።

በ1850 ግድም ኮሶ ለንደን ላይ በወቄት እየተመዘነ እንደ ብርቅ ተሸጠ። አቅርቦት ሲበዛ ዋጋው ወደቀ፤ ይህን ለእናንተ ማስረዳት አያሻም። ሌላም ጣጣ ነበረው፦ ኮሶ ሲቆይ ጉልበቱ ይደክማል። በግመልና በመርከብ ወራት የፈጀ አበባ እንደ ትኩሱ አይሠራም፤ ስለዚህ ልኩን ማወቅ ከባድ ነው።

አገር ቤትም ልኩ በግምት ነበር። አብዝተው ጠጥተው ዓይናቸው የተጎዳ ሰዎችን ሐኪሞች በ1960ዎቹ መዝግበዋል። አሁንም «ስትመለሺ ኮሶ አምጪልኝ» የሚሉኝ ደንበኞች አሉ። ሐኪም ቤት ተመርመሩ፣ ፕራዚኳንቴል የሚባል ክኒን አለ እላቸዋለሁ። በርበሬውን ግን አመጣለሁ።