ሁለት ስም ያላቸው ከተሞች፣ ሁለት ስም ያላቸው ሸረሪቶች

አምቦ ያደጉ አንድ አዛውንት ከተማቸውን «ሀገረ ሕይወት» ሲሉ ብትሰሙ አትደነቁ። በቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ዘመን ስሟ እሱ ነበር፤ ሆለታም «ገነት» ትባል ነበር። ዛሬ ሁለቱም የሚታወቁት በቀድሞ ስማቸው ነው። የታራንቱላዎች አመዳደብ ታሪክም ከዚህ ብዙ አይርቅም። ታራንቱላ ስንል እነዚያን ትልልቅና ጸጉራም ሸረሪቶች ነው፤ ድር ዘርግተው ከመጠበቅ ይልቅ የአፍሪካዎቹ ብዙዎቹ ከጉድጓዳቸው አፍ ላይ ሆነው ያድናሉ።

በእንስሳት አሰያየም ሕግ አንድ ዝርያ ሁለት ጊዜ ከተሰየመ፣ በጥቅሉ ቀድሞ የታተመው ስም ይጸናል። ለዚህ ሕግ ብዙ ሥራ ያበዛበት ሰው ኖርዌያዊው ኤምብሪክ ስትራንድ ነው። ካርሎ ፎን ኤርላንገር እስከ 1901 (ዓመቶቹ ሁሉ እ.ኤ.አ. ናቸው) ባደረገው ጉዞ ከኢትዮጵያ የሰበሰባቸውን ሸረሪቶች የመረመረው እሱ ነው፤ በዕድሜው ከሺህ በላይ ስሞችን አውጥቷል። በ1906 አንድ የምሥራቅ አፍሪካ ታራንቱላ «ፕተሪኖኪለስ ማሚላተስ» ብሎ ሰየመ። ሪቻርድ ጋሎን በ2002 ነገሩን እንደገና ሲፈትሽ ግን፣ ፖኮክ በ1897 «ፕተሪኖኪለስ ሙሪነስ» ያለው ያው ሸረሪት ሆኖ ተገኘ። ሙሪነስ ማለት አይጥማ ነው፤ ዝርያው ግን ደማቅ ብርቱካናማም ይሆናል። ቀለም አያስተማምንማ! ማይክሮስኮፕ ሥር የሚታየው የሴቷ የዘር ማቆያ ከረጢትና ወንዱ ከአፉ አጠገብ ያሉት እግር መሰል ክንዶች ጫፍ ነው።

እንደ እኔ ምህንድስና ለተማረ ሰው ደስ የሚለው፣ ስሙ የሚታሰረው በወረቀት ላይ ባለው ገለጻ ብቻ ሳይሆን በአንድ የተቀመጠ ናሙና መሆኑ ነው። ሁሉም ሚዛን የሚፈተሽበት አንድ ብረት እንዳለ ቁጠሩት። ችግሩ ብረቱ የት ነው የሚለው ነው።

ለሸዋ መልሱ ጣሊያን ነው። ኦራዚዮ አንቲኖሪ ምኒልክ በሰጡት ልጥ ማረፊያ፣ አንኮበር አጠገብ፣ በ1882 እስኪሞት ድረስ እንስሳትን ሲሰበስብ ቆየ። በሚቀጥለው ዓመት ፒዬትሮ ፓቬሲ የሸረሪቶቹን ጥናት በጄኖቫ ሙዚየም መጽሔት ላይ አሳተመ፤ ርዕሱም «የሸዋ መንግሥት» ሸረሪቶችና ዘመዶቻቸው ይላል። ሸዋ ግን ሰፊ ነው። የአንኮበር ገደልና የጉደር ሸለቆ በከፍታም በሙቀትም አይገናኙም፤ የአንዱ ቦታ ዝርዝር ለሌላው አይሠራም። ስለዚህ ጉደር ወይም ጌዶ ላይ ጸጉራም ሸረሪት ያገኘ ተማሪ ፎቶ አንስቶ ብቻ አይበቃውም። ቦታውን፣ ከፍታውን፣ ቀኑን መዝግቦ አንድ ናሙና በአልኮል ማስቀመጥ አለበት፤ ከዚያም ከአንቲኖሪ ስብስብ ጋር ላመሳክር ካለ ደብዳቤው የሚሄደው ወደ ጣሊያን ነው።