ከሽሮ ሜዳ እስከ እንጦጦ አፋፍ፤ የጉለሌ የእግር መንገዶች

ስለ አዲስ አበባ መቈርቈር የተጻፈው ብዙ ነው። ስለ ቤተ መንግሥቱ፣ ስለ ባቡሩና ስለ አደባባዮቹ ማንበብ የፈለገ ሰው አይቸገርም። ከጉለሌ ተነሥተው ወደ እንጦጦ የሚወጡት የእግር መንገዶች ግን እምብዛም አይነሡም፤ ምክንያቱም መንገድን፣ ያውም ድንጋይ ያልተነጠፈበትን፣ እንደ ታሪክ ማስረጃ የመቍጠር ልማድ የለንም። በዚህ ጽሑፍ ልናሳይ የምንሞክረው መንገዶቹ ስለ ከተማይቱ አመሠራረት የራሳቸው ምስክርነት ያላቸው መሆኑን ነው።

አስቀድሞ ስለ ቦታው። እንጦጦ ከአዲስ አበባ በስተ ሰሜን የተጋደመ ተራራ ሲሆን ከፍታው ከባሕር ወለል በላይ 3,200 ሜትር ያህል ይደርሳል። በአፋፉ ላይ የወደቀው ዝናብ ወደ ሁለት አገር ይለያያል፤ በሰሜን የወረደው በሙገር አድርጎ ዓባይ ሲገባ፣ በደቡብ የወረደው በቀበናና በቀጨኔ ወደ አቃቂ፣ ከዚያም ወደ አዋሽ ይፈስሳል። በደቡቡ ዳገት ግርጌ ያለው ጉለሌ ስሙን ያገኘው በስፍራው ይኖር ከነበረው የቱለማ ኦሮሞ ጎሣ ነው። እንግዲህ ከምኒልክ ከተማ በፊትም በዚህ ዳገት ከብት የሚነዳ፣ ውሃ የሚቀዳና ገበያ የሚሄድ ሕዝብ ነበረ ማለት ነው። መንገዶቹን ሁሉ ቤተ መንግሥት አወጣቸው ብሎ መጻፍ ስሕተት ይሆናል።

ዳግማዊ ምኒልክ የሸዋ ንጉሥ ሳሉ በ1870ዎቹ ዓመታት መቀመጫቸውን ወደ እንጦጦ አዛወሩ። ቦታው የጥንት ነገሥታት ከተማ ነበር የሚል ትውፊትም ነበረ። ተራራው ጠላትን አሻግሮ ለማየት የተመቸ ነው። (ዛሬ በዚያው አፋፍ ላይ ሁለት ባለ አንድ ሜትር መስተዋት የከዋክብት መመልከቻዎች ቆመዋል፤ ቦታው አሻግሮ ከማየት አልቦዘነም።) ለኑሮ ግን ብርዱና የማገዶው እጥረት የከበደ ነበር። በ1879 ዓ.ም. እቴጌ ጣይቱ በፍል ውሃ አጠገብ ቤት አሠርተው ስፍራውን አዲስ አበባ ብለው ሰየሙት። ታሪኩ ሲነገር አብዛኛውን ጊዜ እዚህ ላይ ከተማይቱ ወረደች ተብሎ ይታለፋል።

ነገሩ እንዲህ ቀላል አልነበረም። ምኒልክ ንጉሠ ነገሥት ተብለው ዘውድ የጫኑት ጥቅምት 25 ቀን 1882 ዓ.ም. ነው፤ ይኸውም አዲስ አበባ ከተሰየመች ሦስት ዓመት ያህል ቈይቶ ነው። በዓሉ የተፈጸመው ግን እታች አልነበረም፤ እንጦጦ ማርያም ነበር። መኖሪያው ወረደ እንጂ መቅደሱ አልወረደም። ስለዚህ ካህኑም፣ መኰንኑም፣ ወታደሩም፣ ስንቅ ተሸካሚውም ይህን ዳገት መውጣትና መውረድ ነበረበት። እንደ እኛ አስተያየት የከተማይቱ መውረድ የአንድ ቀን ሥራ ሳይሆን ለዓመታት የቈየ ምልልስ ነው።

በዚያን ጊዜ ሸክም የሚወጣው ወደ ላይ ነበር፤ እህሉም፣ ማሩም፣ እንጨቱም ወደ ተራራው። ኋላ ነገሩ ተገለበጠ። በእንጨት እጦት ምክንያት በ1890ዎቹ መጀመሪያ መናገሻውን ወደ አዲስ ዓለም ለማዛወር ታስቦ እንደ ነበረ ይታወቃል። ከተማይቱን ያዳናት ቀደም ብሎ ከውጭ የገባው የአውስትራልያ ተክል፣ ባሕር ዛፍ ነው። እንጦጦ ባሕር ዛፍ ከለበሰ ወዲህ በዚያው ዳገት ሸክም የሚሄደው ወደ ታች ሆነ፤ ተሸካሚዎቹም የቤተ መንግሥት ሎሌዎች መሆናቸው ቀርቶ ጭራሮና ቅጠል የሚለቅሙ ሴቶች ሆኑ።

ከሽሮ ሜዳ ወደ ማርያም በሚወስደው በኩል ስንወጣ የመኪናው መንገድ ይጠማዘዛል፤ የእግሩ መንገድ ግን ቀጥ ብሎ ይቈርጠዋል። ከማርያም ወደ ራጉኤል በአፋፉ ስለሚሄደው ብዙ አንጽፍም፤ የጸሎተኞችና የሯጮች ነው፤ ደግሞም ሜዳማ ነው። ማየት የሚገባው ቁልቁለቱ ነው። በአልፕስ ተራሮች በበረዶ ላይ የሚንሸራተቱ ሰዎች መንገዳቸውን እንደ ቁልቁለቱ ክብደት በአረንጓዴ፣ በሰማያዊ፣ በቀይና በጥቁር ቀለም ለይተው በካርታ ያኖራሉ። የእንጦጦ ሴቶችም በቃላቸው የያዙት ልዩነት አለ፤ መለኪያቸው ግን ማረፊያ ነው። 30 ኪሎና ከዚያም በላይ በጀርባዋ ያዘለች ሴት ሸክሟን መሬት ካስቀመጠች ያለ አጋዥ መነሣት ይቸግራታል። ስለዚህ ወገቧ ድረስ የሚደርስ የአፈር ግንብ ወይም ድንጋይ ትፈልግና ሳትፈታው ታስደግፈዋለች። መልካም መንገድ የሚባለው እንዲህ ያለ ማረፊያ ያለበት እንጂ አጭሩ አይደለም። ከእነዚህ ማረፊያዎች አንዳንዶቹ ጀርባና ጭራሮ እየዳበሳቸው ለስልሰዋል። በአገራችን ቅርስ ተብሎ የሚመዘገበው ሐውልትና ሕንጻ ነው፤ እነዚህን ግን የመዘገበ አላጋጠመንም።

በ2013 ዓ.ም. የእንጦጦ ፓርክ ሲመረቅ ለእግረኛ፣ ለብስክሌትና ለፈረስ የሚሆኑ ጥሩ መንገዶች ተሠርተዋል። ይህን አንነቅፍም። ነገር ግን አዲሱ መንገድ ምንም ላልተሸከመ ሰው የተሠራ ነው፤ ዕረፍቱም አግዳሚ ወንበር ነው። በምዕራብ በኩል ባለው በጉለሌ የዕፅዋት ማእከልና በሌላውም ስፍራ ጽድና ወይራ በባሕር ዛፍ ፈንታ ሲተከል የጭራሮው መንገድ ሥራው ይቀንሳል። ለተራራው መልካም ነው፤ ለእነዚያ ሴቶች እንጀራ ግን ሌላ ጥያቄ ነው፤ እርሱን የኢኮኖሚክስ ተማሪዎች ቢመለከቱት እንወዳለን።

ለእኛ የቀረው ሥራ ካርታ ነው። ማረፊያዎቹንና የምንጮቹን መሻገሪያ ከነስማቸው በመጪው በጋ ለመመዝገብ አስበናል። የቦታው የቀድሞ ስም በኦሮምኛ በመሆኑ ቋንቋውን የሚያውቁ ጓደኞቻችን ቢያግዙን ከሽማግሌዎቹ ጋር የምንነጋገረው ያለ አስተርጓሚ ይሆናል።