«ጊዜያዊ» የሚባለው መቼ ነው? የጨቅላ ሕፃናት የሆርሞን መዛባት በሕክምና ኮድ

በዓለም ጤና ድርጅት የበሽታዎች ምድብ 10ኛ ክለሳ፣ ከፒ70 እስከ ፒ74 ያሉት ኮዶች በጨቅላነት ለሚታይ ጊዜያዊ የሆርሞንና የሜታቦሊዝም መዛባት የተመደቡ ናቸው። ሕፃኑ በማሕፀን ሳለ ከእናቱ በደረሰው ነገር፣ አለዚያም ከማሕፀን ውጭ ያለውን ኑሮ እስኪለምድ ድረስ የሚደርስበትን መዛባት ይሸፍናሉ። አብዛኛው ኮድ በሽታው ምን እንደሆነ ይናገራል፤ የእነዚህ ርእስ ግን በሽታው ወደፊት ምን እንደሚሆን ጭምር ይናገራል። ምርመራ ሆኖ የተመዘገበው ነገር እንግዲህ ግማሹ ትንበያ ነው። በእኔ አመለካከት «ጊዜያዊ» የሚለው ቃል የሚገባው መንስኤው በራሱ ጊዜ የሚለቅ መሆኑ ሲታወቅ ወይም በሽታው ሲለቅ በዐይን ሲታይ ብቻ ነው። ከዚያ በፊት መመዝገብ ያለበት በላቦራቶሪ የተለካው ነው።

የታይሮይድን ነገር እንይ። ከሕፃን ተረከዝ በተወሰደች የደም ጠብታ ቲ.ኤስ.ኤች (የታይሮይድ ዕጢን የሚቀሰቅሰው ሆርሞን) ከልክ በላይ ሆኖ ተገኘ እንበል። ዕጢው ጭራሹን ሳይፈጠር ወይም ከቦታው ርቆ ተፈጥሮ ይሆናል፤ ይህ ዕድሜ ልክ ነው። እናት የታይሮይድ ማብረጃ መድኃኒት ስትወስድ ቆይታ ይሆናል፤ የምትበላው ጨው አዮዲን የሌለው ይሆናል (እንቅርት ብርቅ ላልሆነበት ለደጋው አገራችን ይህ እንግዳ ነገር አይደለም)፤ ወይም ያለጊዜው የተወለደው ሕፃን ስስ ቆዳ ለማጽጃ የተቀባውን አዮዲን መጥጦ ይሆናል። እነዚህ ያልፋሉ። በመጀመሪያው ሳምንት ወረቀቱ ላይ የሚታየው ቁጥር ግን ብቻውን አንዱን ከሌላው አይለይም። ሕክምናውም ያው ነው፦ ሌቮታይሮክሲን፣ በቀን በኪሎ ከ10 እስከ 15 ማይክሮግራም፣ ሁለት ሳምንት ሳይሞላው። አንጎል ያለ ታይሮይድ ሆርሞን በወጉ ስለማያድግ፣ መንስኤው ያልተለየለት ልጅ መድኃኒቱን ለአንድ ወር ያህል አቁሞ የሚፈተነው ብዙውን ጊዜ 3 ዓመት ሲሞላው ነው። ኮድ ሰጪው ግን ፒ72.2 (ጊዜያዊ) ወይም ኢ03.1 (አብሮ የተወለደ) ብሎ እንዲጽፍ የሚጠበቀው ሕፃኑ ከሆስፒታል በሚወጣበት ቀን ነው። የግሬቭስ በሽታ ካለባት እናት በእንግዴ ልጅ በኩል ያለፈ ፀረ እንግዳ አካል የሚያመጣው የታይሮይድ መብዛት ግን ሌላ ነው። ፀረ እንግዳ አካሉ በየሦስት ሳምንቱ ገደማ በግማሽ እየቀነሰ በጥቂት ወራት ስለሚጠፋ፣ ፒ72.1 ከመጀመሪያው ቀን ቢጻፍ ስሕተት የለበትም።

የጨቅላ ስኳር በሽታ ደግሞ ምድቡን ራሱን ያሳጣል። ፒ70.2 የተቀመጠው «ጊዜያዊ» በሚለው ርእስ ሥር ሲሆን፣ የስኳር በሽታ ዋና ኮዶችም የጨቅላውን ወደዚያው ይመልሱታል። ከእነዚህ ሕፃናት ግን ግማሽ ያህሉ በሽታው አይለቃቸውም። ከዘረ መል የመነጨ መሆኑ ከታወቀ ጥቂቶች አይደሉም ከኢንሱሊን መርፌ ወደ ግሊቤንክላማይድ ኪኒን የሚሻገሩት፤ ስለዚህ ዐይነቱን መለየት ተራ የስያሜ ጉዳይ አይደለም። የሚለቃቸውም ቢሆኑ፣ በተለይ በክሮሞሶም 6 ለውጥ የመጣባቸው፣ ብዙዎቹ በጉርምስና ዘመናቸው ሕመሙ ያገረሽባቸዋል።

ኮድ ለሒሳብና ለቆጠራ እንጂ ለሕክምና አይደለም የሚል መቃወሚያ ይነሣል። ነገሩ እውነት የሚሆነው መዝገቡ ተዘግቶ ቢቀር ነበር። የክትትል ቀጠሮ ስም ዝርዝር የሚወጣው ግን ከኮዱ ነው፤ ቀጣዩ ሐኪም ፋይሉን ሲከፍት በመጀመሪያ የሚያየውም «ጊዜያዊ» የሚለውን ነው። የክፍያ ጥያቄ ሦስት ዓመት አይጠብቅም የሚለው ክብደት አለው። መጠበቅ ግን አያስፈልግም፦ አሜሪካኖች ከጥቅምት 2021 እ.ኤ.አ. ጀምሮ በራሳቸው እትም ፒ09.2 የሚል ኮድ አላቸው፤ በጨቅላ ልየታ ምርመራ የሆርሞን ችግር አጠራጣሪ ውጤት ተገኘ ከማለት አያልፍም። የዚያው አገር ደንብ ግን ሌላ እንቅፋት አለው። ሐኪሙ «ሳይሆን አይቀርም» ብሎ ከጻፈ፣ ተኝቶ ለታከመ ሕፃን ምርመራው እንደተረጋገጠ ተቆጥሮ ኮድ ይሰጠዋል፤ በተመላላሽ ለታከመው ግን ይህ ክልክል ነው። አንድ ጥርጣሬ በአልጋ ምክንያት እውነት ይሆናል ማለት ነው።

ታዲያ ለጥንቃቄ ሁሉንም ኢ03.1 ብንላቸውስ? ቆጠራው ያብጣል፤ ደኅና ልጅም የዕድሜ ልክ ሕመምተኛ ተብሎ ይመዘገባል። ይሁን እንጂ ከሁለቱ ስሕተት አንዱን ምረጥ ብባል ይህንኑ እመርጣለሁ፤ ያለ ነገሩ ለክትትል የተጠራ ልጅ የሚያጣው ጥቂት ደም ነው፣ ሳይጠራ የቀረው ግን አእምሮው ሳያድግ ይቀራል። ለስኳሩ እንዲህ ያለ አማራጭ እንኳ የለም። በ14 ዓመቱ ሕመሙ የተመለሰበት ልጅ ሲመጣ በኢ13 (ሌላ ተለይቶ የታወቀ የስኳር በሽታ) ሥር እንደ አዲስ ሕመምተኛ ይመዘገባል፤ በጨቅላነቱ የተጻፈው ፒ70.2 በሌላ ፋይል፣ ምናልባትም በሌላ ሆስፒታል ነው፣ ሁለቱን የሚያያይዝ ኮድም የለም።