የባለዕዳ ይግባኝ

መቀሌ ውስጥ ከፍርድ ቤት አጥር ሥር ማመልከቻ እየጻፍኩ ነው ያረጀሁት። ብድር ክፈል ተብሎ የተፈረደበት ሰው ሲመጣ «አሸንፋለሁ ወይ?» ብሎ የሚጠይቀኝ ጥቂት ነው፤ ብዙው የሚፈልገው ጊዜ ነው። የብድር ይግባኝ ታሪክም ባለዕዳ ጊዜ ሲገዛ፣ ሕግ ደግሞ ዋጋውን ሲያስወድድበት የኖረ ታሪክ ይመስለኛል።

በቁራኛ ዘመን ዋጋው በሰውነት ይከፈል ነበር። ዋስ ያጣ ተበዳሪ ከአበዳሪው ጋር በነጠላ ጫፍ ይቋጠራል፣ ሲብስም በሰንሰለት ይታሰራል፤ አብረው ይሄዳሉ፣ አብረው ያድራሉ። በጭቃ ሹሙ ፍርድ ያልረካ ወደ አገረ ገዢው፣ ከዚያም ወደ ንጉሠ ነገሥቱ አቤት ይላል። የሚያግደው ቀነ ገደብ ሳይሆን እግርና ስንቅ ነበር። ዐፄ ዮሐንስ፣ ጣሊያናዊው ናሬቲ በ1870ዎቹ በሠራላቸው የመቀሌ ቤተ መንግሥት ሲቀመጡ የእንደርታ ባለዕዳ ዕድል ቀንቶታል። ንጉሡ ወደ ደብረ ታቦር ከተሻገሩ ወይም ዘመቻ ከወጡ ግን ሰፈሩን እየተከተለ መንከራተት ነው። አበዳሪውም አብሮት ይንከራተታል! ሁለቱም እኩል ስለሚደክሙ ስንቱ ዕዳ ችሎት ሳይደርስ መንገድ ላይ በሽማግሌ አልቆ ይሆን እላለሁ። ልጅ እያሱ የቁራኛን ልማድ ለማሻሻል ሞክረው ነበር፤ ልማዱም እየዋለ እያደረ ቀረ።

ሰንሰለቱ ሲቀር ጊዜ ረከሰ። ተበዳሪው ቤቱ እያደረ ይከራከራል፣ ተረትቶም ከአንዱ ፍርድ ቤት ወደ ሌላው፣ መጨረሻም ወደ ንጉሠ ነገሥቱ ዙፋን ችሎት አቤት ይላል። የ1958ቱ የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ ይህን መንገድ በየቦታው አጠበበው። ለይግባኝ 60 ቀን ሰጠ። በክርክር መሐል በተሰጠ ትእዛዝ ላይ ለብቻው ይግባኝ ማለትን ከለከለ። ይግባኝ ማለት ብቻውን አፈጻጸሙን አያቆምም፤ እግድ ለብቻው ተጠይቆ መፈቀድ አለበት። ቁጥር 337 ደግሞ ይግባኝ ሰሚው ፍርዱ ጉድለት የለበትም ካለ መልስ ሰጪውን ሳይጠራ እንዲዘጋው ይፈቅዳል። እዚህ አጥር ሥር «አያስቀርብም» ተባለ ሲባል ሁሉም ይገባዋል፤ ስንት ተስፋ በዚያች ቃል አልቋል።

ከሁሉ የሚከብደኝ ግን የዚሁ ሕግ ቁጥር 284 ነው። መጠኑ የታወቀ የገንዘብ ክስ በአጭር ሥርዓት ሲቀርብ ተከሳሹ ለመከላከል እንኳ አስቀድሞ ፈቃድ መለመን አለበት። ፈቃዱን ካላገኘ ያለ ክርክር ይፈረድበታል፤ ይግባኝ ቢልስ በየትኛው ክርክሩ? አስቀድሞም የ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ሕግ ከ500 ብር የበለጠ ብድር በጽሑፍ፣ አለዚያም በፍርድ ቤት በተሰጠ እምነት ወይም መሐላ ካልሆነ አይረጋገጥም አለ። ወረቀት የያዘ አበዳሪ ግማሹን መንገድ ጨርሷል።

ዙፋን ችሎት በ1967 ከዙፋኑ ጋር ወደቀ። ዛሬ በአናቱ ያለው ሰበር ሰሚ ችሎት ነው፤ እሱም የሚያየው መሠረታዊ የሕግ ስሕተት ብቻ ነው። «ከፍያለሁ፣ ምስክሮቼን አላመኑልኝም» ለሚል ሰው ሰበር አይሆነውም፤ ያ የፍሬ ነገር ክርክር ነው። ይህን ለአንዲት አደይ ለማስረዳት አንድ ረፋድ ፈጅቶብኛል፤ እንዳላመኑኝም አውቃለሁ።

ትልቁ ገደብ የመጣው ግን ይግባኝ የሚል ቃል ከሌለበት ሕግ ነው። አዋጅ ቁጥር 97/1990 ባንክ በመያዣ የያዘውን ንብረት፣ ውሉ ላይ ከተስማሙ፣ ቢያንስ የ30 ቀን ማስጠንቀቂያ ሰጥቶ ያለ ፍርድ ቤት በሐራጅ እንዲሸጥ ፈቀደ። ፍርድ ከሌለ ይግባኝ ከምን ላይ ይባላል? ባንኩ ሥርዓቱን ጥሶ ከሸጠ ተበዳሪው ካሳ ሊጠይቅ ይችላል፤ ያኔ ግን ቤቱ የሌላ ሰው ሆኗል። አበዳሪን በፍርድ ቤት ደጅ ማንከራተት አግባብ አይደለም የሚለው ይገባኛል፤ ነገር ግን በቁራኛ ዘመን እንኳ ባለዕዳው ሹም ፊት ይቆም ነበር።

ከትግራዩ ጦርነት ወዲህ ሥራዬ በአብዛኛው ይኸው የባንክ ዕዳ ነው። ከሰኔ 2013 በኋላ ትግራይ ውስጥ ባንኮች ተዘግተው ከረሙ፤ የመቀሌ ነጋዴ ያስቀመጠውን ማውጣት፣ የተበደረውን መክፈል አልቻለም። በ2015 በሩ ሲከፈት የነዚያ ወራት ወለድ ጥያቄ አብሮ መጣ። ክፈል የተባለው ሰው ሲመጣ በቅድሚያ የማየው የያዘው ወረቀት ፍርድ ይሁን ማስጠንቀቂያ ነው። ማስጠንቀቂያ ከሆነ 60 ቀን የለውም፤ ስለዚህ ዘንድሮ የምጽፈው ከዳኛ ይልቅ ለባንክ ሥራ አስኪያጅ ነው።